የፍቅር ዘፈኑ ከዘፋኞቹ ርቆ ሄደ፦ የ«አሜዝድ» ነጠላ ዜማ የጉዳይ ጥናት

ይህ ጉዳይ ለምን ይመዘገባል

ነጠላ ዜማ ለመልቀቅ የሚሰናዱ ድምፃውያንን ሁሉ የሚያስጨንቅ አንድ ጥያቄ አለ። የራሴን አድማጭ ሳላስቀይም ሌላ አድማጭ እንዴት አገኛለሁ? ለዚህ ጥያቄ መልስ ከሰጡ ሥራዎች ውስጥ ሎንስታር የተባለው የአሜሪካ የካንትሪ (የአሜሪካ ገጠር ወለድ ሙዚቃ) ቡድን በ1999 የለቀቀው «አሜዝድ» («ተደነቅሁ» እንደማለት) የተሰኘ የፍቅር ዘፈን እንደ ጥሩ ማስተማሪያ ይታየኛል። መጀመሪያ የካንትሪን አድማጭ ያዘ፣ ከወራት በኋላ ደግሞ መላውን የአሜሪካ የዘፈን ገበያ መራ። ዋጋም አስከፍሏል፤ ስለ ስኬቱ ሲወራ ይህ ዋጋ ብዙ ጊዜ ይረሳል።

የቡድኑንና የዘፈኑን ስም ጠርቻለሁ። የቡድኑን አባላት፣ ደራሲዎቹንና አቀናባሪውን ግን በሥራ ድርሻቸው ብቻ እጠራቸዋለሁ፤ የምንማረው ከሥራቸው ነው። ዓመታቱ ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

መነሻው

ሎንስታር በ1992 የካንትሪ ሙዚቃ ማዕከል በሆነችው ናሽቪል ውስጥ ተመሠረተ። መሥራቾቹ በሙሉ የቴክሳስ ልጆች ሲሆኑ የቡድኑም ስም የቴክሳስ መጠሪያ ከሆነው «ባለ አንድ ኮከብ» የመጣ ነው። ቡድኑን ከሌሎች የሚለየው ሁለት መሪ ድምፃውያን የነበሩት መሆኑ ነው፤ ዘፈኖቹን እየተከፋፈሉ ይመሩ ነበር።

የመጀመሪያ አልበማቸው በ1995 ወጣ። በ1996 ጥላው የጠፋች ሴት የት እንደደረሰች ግራ ስለገባው ሰው የሚያወራ ቀልድ አዘል ፈጣን ዘፈን በካንትሪ ሰንጠረዥ (የዘፈኖች የደረጃ ዝርዝር) አንደኛ አደረጋቸው። በ1997 ሌላ አንደኛ ጨመሩ። ያኔ የሚታወቁት ደስ ደስ በሚል፣ ለዳንስ አዳራሽ በሚሆን ሥራ ነበር። በ1998 መጀመሪያ ላይ ግን ከሁለቱ መሪ ድምፃውያን አንዱ ቡድኑን ለቅቆ ወጣ።

ችግሩ

ሁለት ድምፅ ለምዶ ያደገ ቡድን በአንድ ድምፅ ሲቀር ምኑን ይዞ ይቀርባል? ይህ የመጀመሪያው ችግር ነው። ሦስተኛውን አልበም የሚያስተዋውቀው ነጠላ ዜማ የተለመደውን መንገድ የተከተለ የቅዳሜ ምሽት ጭፈራ ዘፈን ነበር፤ በካንትሪ ሰንጠረዥ ላይ ምርጥ 40 ውስጥ እንኳ ሳይገባ ከሰመ። በናሽቪል አሠራር ይህ ቀላል ነገር አይደለም። ነጠላ ዜማው ለካንትሪ ሬዲዮ ጣቢያዎች ይላካል፣ የጣቢያዎቹ የሙዚቃ ክፍል ካልወደደው አልበሙን የሚያስታውስ አይኖርም። ቡድኑ ለአልበሙ መውጫ ወራት ሲቀሩት ባዶ እጁን ነበር ማለት ይቻላል።

ሁለተኛው ችግር የቡድኑ ብቻ አልነበረም። ሁሉንም የሙዚቃ ዓይነት አንድ ላይ በሚያወዳድረው፣ ቢልቦርድ የተባለው የአሜሪካ የሙዚቃ መጽሔት በሚያወጣው የ100 ዘፈኖች ዋና ሰንጠረዥ ላይ የካንትሪ ዘፈን ለመጨረሻ ጊዜ አንደኛ የወጣው በ1983 ነው። ያም ኬኒ ሮጀርስና ዶሊ ፓርተን በቅብብል የተጫወቱት «አይላንድስ ኢን ዘ ስትሪም» ነበር። ኬኒ ሮጀርስን የኛ ሰው ከካሴት ዘመን ጀምሮ ያውቀዋል፤ በ1985 ለኢትዮጵያ ረሃብተኞች እርዳታ ለማሰባሰብ በተዘፈነው «ዊ አር ዘ ወርልድ» ውስጥም ድምፁ አለ። ከእነርሱ በኋላ በሩ ተዘጋ። የካንትሪ ድምፃውያኑ ሊአን ራይምስ በ1997፣ ሻናያ ትዌይን በ1998 በፍቅር ዘፈን እስከ ሁለተኛ ደረጃ ደርሰው እዚያው ቆሙ።

በዚህ መሃል የጨዋታው ሕግ ተቀየረ። እስከ 1998 መገባደጃ ድረስ አንድ ዘፈን ዋናው ሰንጠረዥ ላይ እንዲቆጠር ነጠላ ሆኖ ለሽያጭ መቅረብ ነበረበት። ከዲሴምበር 1998 ጀምሮ ቢልቦርድ ይህን ግዴታ አንስቶ በሬዲዮ ብቻ የሚሰማ ዘፈንም እንዲቆጠር ፈቀደ፤ የካንትሪ ጣቢያዎችም ቆጠራው ውስጥ ገቡ። በሩን ሌሎች ሲገፉት ኖረዋል፣ ሲላላ በቦታው የተገኘው ግን «አሜዝድ» ነው።

ዘፈኑን ቀረብ ብለን ስንሰማው

ዘፈኑን የቡድኑ አባላት አልደረሱትም። ናሽቪል ውስጥ እንደተለመደው ሦስት ሙያተኛ ደራሲዎች አንድ ላይ ተቀምጠው የጻፉት ነው። ከሦስቱ ሁለቱ በኋላ ላይ ተጋብተዋል። እንዲህ ያለ ነገር ዘፈን ውስጥ ይሰማል ብዬ አምናለሁ፤ ግጥሙ ፍቅርን ገና ሲጀምር ያየ ሰው ግጥም ነው።

የካንትሪ የፍቅር ዘፈን ልማዱ ታሪክ ማውራት ነው። ሰው አለ፣ ቦታ አለ፣ መንገድ፣ ቡና ቤት ወይም የእንጨት ቤት በረንዳ አለ፤ መጨረሻው ቤት ላይ ታሪኩ ይገለበጣል። «አሜዝድ» ውስጥ ከዚህ አንዱም የለም። ከመጀመሪያው ስንኝ እስከ መጨረሻው «አንቺ» እያለ ነው የሚሄደው። የሚነሣው ከዓይን ለዓይን መተያየት ነው፤ ከዚያ ወደ ገላዋ ጠረን፣ ወደ መሳም፣ በጨለማ ወደምታንሾካሹክለት ቃል ይገባል። የከተማ ስም የለም፣ የሥራ ስም የለም፣ ዘመኑን የሚጠቁም ዕቃ የለም። ዳላስ ያለውም፣ ለንደን ያለውም፣ አዲስ አበባ ያለውም ሰው ያለ አስተርጓሚ የራሱን ሰው ሊያስገባበት ይችላል።

አዝማቹ ላይ ደግሞ አንድ የሙያ ጥበብ አለ። የዘፈኑ ርዕስ የሆነው ቃል አዝማቹ መጀመሪያ ላይ አይመጣም። ድምፃዊው ከፍ እያለ፣ እንዴት እንዲህ እንደምታደርገው እንደማያውቅ፣ ፍቅሩም ዕለት ዕለት እየጨመረ እንደሚሄድ ይናዘዛል፤ ቃሉ የሚወድቀው አዝማቹ ሲዘጋ ነው። አድማጭ እየጠበቀው ስለሚመጣ አይረሳውም። ብዙ ዘፈኖቻችን ርዕሳቸውን በመጀመሪያው ሰከንድ ተናግረው ይጨርሳሉ፤ ይህን ዘፈን በዚህ ረገድ ብቻ ደጋግሞ መስማት ለደራሲ ትምህርት ነው።

የሚዘፍነው የቀረው ድምፃዊ ነው። ስንኙን በዝቅተኛ ድምፅ፣ ለአንድ ሰው እንደሚያወራ አድርጎ ይጀምራል፤ አዝማቹ ላይ ሙሉ ድምፁን ይለቃል። ቡድኑ ባለ ሁለት ድምፅ መሆኑ በቀረ ማግስት አንዱን ድምፅ ብቻ ይዞ የሚቆም ዘፈን መምረጣቸው ትክክለኛ ውሳኔ ነበር። ጉድለቱን ከመሸፈን ይልቅ የቀራቸውን ፊት ለፊት አወጡት።

የተወሰዱት እርምጃዎች

መጀመሪያ የተቀየረው ፕሮዲውሰሩ፣ ማለትም የቀረጻውን ሥራ የሚመራው ባለሙያ ነው። ለዚህ ሥራ የተመረጠው በሮክ ቡድን ውስጥ የተጫወተ፣ በስቱዲዮ ጊታሪስትነቱ ስም ያተረፈ ሙያተኛ ነበር። የድምፁ ስፋት፣ አዝማቹ ላይ የሚነሡት ጊታሮችና ከበሮ ከእርሱ መንደር የመጡ ናቸው።

ቀጥሎ፣ የወደቀውን ነጠላ ዜማ ለማስነሣት ጊዜ አላባከኑም። «አሜዝድ»ን በ1999 የጸደይ ወራት ለካንትሪ ሬዲዮ ላኩት። እዚህ ላይ ልብ ሊባል የሚገባው ቅደም ተከተሉ ነው፤ ዘፈኑ በመጀመሪያ የተሰጠው ለባለቤቶቹ፣ ማለትም ለካንትሪ አድማጭ ነው። በጁላይ የካንትሪ ሰንጠረዥ አናት ላይ ወጥቶ 8 ሳምንት ቆየ።

ለፖፕ ጣቢያዎች ሌላ ቅንብር ተሠራ፤ «ካፕቴን ሚክስ» ይባላል። በዚያን ጊዜ ናሽቪል ውስጥ ይህ የታወቀ ስልት ነበር። ሻናያ ትዌይንም ለካንትሪ አንድ፣ ለፖፕ ሌላ ቅንብር ታወጣ ነበር። አልበሙም በ2000 ይህንኑ ዳግም ቅንብር ጨምሮ እንደገና ወጣ። ዋናው ቅጂ ግን ሳይነካ ቀረ፤ የካንትሪ ጣቢያዎች የወደዱትን ማንም አልቀየረባቸውም።

አቀባበሉ

ማርች 4 ቀን 2000 «አሜዝድ» የቢልቦርድ ዋና ሰንጠረዥ ላይ አንደኛ ሆነ፤ ሁለት ሳምንት ቆየ። ከ1983 ወዲህ የመጀመሪያው የካንትሪ ዘፈን ነው። ካንትሪ ውስጥ አንደኛ ከሆነ ከሰባት ወር በላይ ካለፈ በኋላ መሆኑን አስተውሉ። ዛሬ አንድ ነጠላ ዜማ በሦስት ቀን ውስጥ ካልፈነዳ ሞተ ብለን የምንቀብር ሰዎች ነን።

አካዳሚ ኦፍ ካንትሪ ሙዚክ የተባለው የካንትሪ ሙያተኞች ተቋም የዓመቱን ነጠላ ዜማም የዓመቱን ዘፈንም ሽልማት ሰጠው። አልበሙ ውስጥ ካሉት ዘፈኖች አራቱ፣ «አሜዝድ»ን ጨምሮ፣ ተራ በተራ በካንትሪ ሰንጠረዥ አንደኛ ወጥተዋል። በብሪታንያ 21ኛ ድረስ ሄደ። ከሰንጠረዦቹ ሁሉ የሚበልጠው ግን ዘፈኑ ሠርግ ውስጥ መግባቱ ነው፤ አሜሪካ ውስጥ ሙሽሮች ለመጀመሪያ ዳንሳቸው ከሚመርጧቸው ዘፈኖች አንዱ ሆኖ ለዓመታት ዘልቋል። በኋላም ቦይዝ ቱ ሜን የተባሉት የአር ኤንድ ቢ ድምፃውያን ተጫውተውታል። ከካንትሪ ቤት የወጣ ዘፈን በአር ኤንድ ቢ ድምፅ ሲዘፈን ምንም አልጎረበጠውም።

ቅሬታውም ነበር። በዚያው በማርች 2000 ጆርጅ ስትሬትና አላን ጃክሰን የተባሉት የካንትሪ አንጋፋዎች «መርደር ኦን ሚዩዚክ ሮው» («ግድያ በሚዩዚክ ሮው»፣ የናሽቪል የሙዚቃ ሰፈር) የተሰኘ ዘፈን ይዘው ወጡ። ሎንስታርን በስም አያነሣም። የሚለው ናሽቪል ውስጥ ግድያ ተፈጽሟል፣ የተገደለውም ካንትሪ ነው፣ የካንትሪ መለያ የሆኑትን ስቲል ጊታርና ቫዮሊን ከበሮና የሮክ ጊታር ተክቷቸዋል ነው። ዘፈኑ የካንትሪ ሙዚቃ ማኅበር የ2000ን የጥምር ሥራ ሽልማት፣ በ2001 ደግሞ የዓመቱን ዘፈን ሽልማት አግኝቷል። የካንትሪ ሰዎች በአንድ በኩል «አሜዝድ»ን ሸለሙ፣ በሌላ በኩል እንዲህ ያለውን አካሄድ የሚከሰውን ዘፈን ሸለሙ። ይህ አስመሳይነት አይመስለኝም። አንድ ቤተሰብ ልጁ ውጭ አገር ሄዶ ሲሳካለት የሚሰማው ደስታና ስጋት ዓይነት ነው፤ ሁለቱም ከልብ ነው።

የከሳሾቹን ነገር በከፊል እቀበላለሁ። ከቅንብሩ ይልቅ የሚያሳስበኝ ግን ግጥሙ ነው። ስቲል ጊታር ተመልሶ ሊገባ ይችላል፤ ቦታና ታሪክ ከግጥም ሲወጣ ግን ዘፈኑን የአንድ ሰፈር ልጅ የሚያደርገው ነገር አብሮ ይወጣል።

ያልሠራው

ሎንስታር ከዚያ በኋላ ዋናው ሰንጠረዥ ላይ ምርጥ 10 ውስጥ ዳግም አልገባም። ካንትሪ ውስጥ አልከሰረም፤ አንደኛ የወጡ ዘፈኖችን ጨምሯል፣ በ2001 የካንትሪ ሙዚቃ ማኅበር የዓመቱ ምርጥ የድምፅ ቡድን ብሎታል። «አሜዝድ»ን የወደደው የፖፕ አድማጭ ግን ዘፈኑን ወስዶ ቡድኑን ትቶ ሄደ። ለሠርጉ የመረጠውን ዘፈን ማን እንደዘፈነው የማያውቅ ሰው ሞልቷል።

በ2001 የወጣው ሌላው ትልቅ ዘፈናቸው ለንጽጽር ይጠቅማል። ለሥራ ከቤቱ የራቀ አባት ቀዝቃዛ ሆቴል ክፍል ውስጥ ሆኖ ይደውላል፣ ከስልኩ ጀርባ የልጆቹን ድምፅ ይሰማል። ካንትሪ ውስጥ 6 ሳምንት አንደኛ ሆነ፤ ዋናው ሰንጠረዥ ላይ ግን 24ኛ ላይ ቆመ። በሰንጠረዥ ደረጃ ካየነው ከ«አሜዝድ» ያነሰ ነው። ሆኖም በዚያው ዓመት በአሜሪካ ላይ ከደረሰው የሴፕቴምበር 11 የሽብር ጥቃት በኋላ ልጆቻቸውንና ባሎቻቸውን ወደ ጦር ሜዳ የሸኙ ቤተሰቦች የራሳቸው አደረጉት፤ ከሎንስታር ስም ጋርም ተጣብቆ ቀረ። ክፍሉ፣ ስልኩ፣ የልጆቹ ድምፅ አለበትና ዘፈኑ መታወቂያ አለው።

ሌላው ያልሠራው ነገር የቡድኑ አቋም ነው። የፍቅር ዘፈኑ በዚያ መጠን ሲሳካ ቡድኑ የቀርፋፋ ፍቅር ዘፈን ቡድን ተብሎ ታተመ። ቀድሞ የነበራቸው ጨዋታና ቀልድ ወደ ጎን ሄደ። በ1998 የወጣው ድምፃዊ በተቃራኒው በ2004 ጩኸትና ቀልድ የበዛበት፣ ካንትሪን ከራፕ ጋር የሚያፋልስ ጥምረት ይዞ ብቅ ብሎ ተሳካለት፤ ሎንስታር የተወውን ቦታ የያዘ ይመስላል። የ«አሜዝድ» ድምፃዊ ራሱ በ2007 ብቻውን ለመሥራት ወጣ፣ በ2011 ተመለሰ፣ በ2021 እንደገና ወጣ። ሁሉም ነገር በአንድ ድምፅ ላይ ሲቆም ያ ድምፅ በወጣ ቁጥር ቤቱ ይናወጣል።

የገንዘቡ ነገርም አለ። በአሜሪካ ሕግ ተራው የአየር ሞገድ ሬዲዮ ዘፈን ባሰማ ቁጥር የሚከፍለው ለግጥምና ዜማ ደራሲዎችና ለአሳታሚዎቻቸው ነው፤ ለድምፃዊው አይከፍልም። «አሜዝድ» ለዓመታት በሬዲዮ ሲንቆረቆር በእያንዳንዱ መሰማት የሚከፈላቸው እነዚያ ሦስቱ ደራሲዎች ናቸው። ቡድኑ የሚያገኘው ከአልበም ሽያጭና ከመድረክ ነው። ደራሲዎቹ ይገባቸዋል። የሌላ ሰው ዘፈን ተቀብሎ የሚዘፍን ድምፃዊ ግን ይህን ሂሳብ ከመጀመሪያው ማወቅ አለበት።

ወደ ራሳችን ሥራ ስንመልሰው

ከጉዳዩ የምወስደው የመጀመሪያው ነገር ቅደም ተከተል ነው። ቡድኑ የራሱን አድማጭ ሳይዝ ወደ ሌላው አልሮጠም። ብዙ ወጣት ድምፃውያን በአምባሰል ወይም በባቲ የተሠራ ጥሩ ዜማ ይዘው ገና የራሳቸው ሰው ሳይሰማው በአፍሮቢት ያስቀናብሩታል። ሁለት ቅንብር መሥራት ምንም ክፋት የለውም፤ ዋናው ይቀድም፣ ሰው ይልመደው፣ ዳግም ቅንብሩ ሌላ ስም ይዞ ለብቻው ይውጣ። የወደደውን ሰው ቅጂ ዩቲዩብ ላይ አጥፍቶ በአዲሱ መተካት አድማጭን መናቅ ነው።

ሁለተኛው ግጥሙን ይመለከታል። የቦታ ስም፣ የሰፈር ወግ፣ የአገር ልብስ ከግጥም ሲወጣ ዘፈኑ ይቀልለዋል፣ ሩቅ ይሄዳል። ይህን መምረጥ ይቻላል፤ ከተመረጠ ግን ድምፃዊውን የሚያስታውስ ሌላ ነገር ሊኖር ይገባል፤ የአዘፋፈን ለዛ ሊሆን ይችላል፣ የመሣሪያ ድምፅ ሊሆን ይችላል። የእኔ ምርጫ ቢያንስ አንድ ስንኝ መሬት ይርገጥ የሚል ነው። የወሎና የጎጃም የፍቅር ዘፈኖች ወንዙንና ተራራውን በስሙ እየጠሩ ዋሽንግተንም ቴል አቪቭም ተሰምተዋል፤ ስደት ላይ ያለ አድማጭ የሚያለቅሰው እንዲያውም እዚያ ስም ላይ ሲደርስ ነው።

ሦስተኛ፣ የቆጠራውን ሕግ ማወቅ። የ1998ቱ ለውጥ ባይኖር ዘፈኑ እዚያ መድረሱን እጠራጠራለሁ። ዛሬ ዩቲዩብ እንዴት እንደሚቆጥር፣ የቲክቶክ ቅንጭብ ከሙሉ ዘፈኑ ጋር እንዴት እንደሚያያዝ የማያውቅ አሳታሚ ጥሩ ዘፈንን ዝም ብሎ ያስቀራል።

ከሁሉም አጥብቄ የምናገረው ውልን ነው። በአገራችን የቅጂና ተዛማጅ መብቶች ጥበቃ አዋጅ ቁጥር 410 በ2004 ወጥቷል፣ በ2014 በአዋጅ ቁጥር 872 ተሻሽሏል። ሕጉ ለግጥምና ዜማ ደራሲም፣ ለድምፃዊም፣ ለድምፅ ቅጂ አሳታሚም ለየብቻ መብት ይሰጣል። እንዲያም ሆኖ ብዙ ነጠላ ዜማዎች ዛሬም በቃል ስምምነት ይሠራሉ፤ ግጥሙ አንድ ጊዜ ተከፍሎበት፣ ቅንብሩ በመተዋወቅ ተሠርቶ ይለቀቃል። ዘፈኑ ሲሳካና ሌላ ሰው ዳግም ሊያቀናብረው ወይም ሊጫወተው ሲመጣ ማን እንደሚፈቅድና ማን እንደሚከፈለው አይታወቅም። ስለዚህ ስቱዲዮ ከመግባት በፊት የሚጻፍ ውል ሦስት ነገር ይመልስ፦ ዳግም ቅንብር ለመሥራት የማን ፈቃድ ያስፈልጋል፣ ከኢንተርኔት የሚገባው ገንዘብ በምን ድርሻ ይከፈላል፣ ድምፃዊው ከቡድኑ ቢወጣ ዘፈኑን መድረክ ላይ የመጫወት መብት የማን ይሆናል።